ከአደጋ የመጣ ጉዳትን ኮድ መስጠት፦ ከሐኪሙ ማስታወሻ እስከ ውጫዊው መንስኤ

«የ61 ዓመት ሴት። ዛሬ ማለዳ ወደ ቤተ ክርስቲያን ለመሄድ በእግሯ ስትወጣ፣ ለብቻው በቆመው መኖሪያ ቤቷ ደጃፍ በረዶ የጋገረው ደረጃ ላይ ተንሸራትታ ወድቃለች፤ ስትወድቅ በቀኝ እጇ ተመርኩዛለች። ቀኝ የእጅ አንጓዋ አብጧል፣ በልዟል። ኤክስሬይ የቀኝ ራዲየስ አጥንት የኮሌስ ስብራት ያሳያል፤ ቆዳው አልተቀደደም። የግራ ጉልበቷ በልዟል፣ ስብራት የለውም። የአጥንት መሳሳት የለባትም።»

ይህን ማስታወሻ ለትምህርት ብዬ ያዘጋጀሁት እንጂ የማንም ታካሚ መዝገብ አይደለም። ሆኖም በሜሪላንድ ወይም በሚኒሶታ የድንገተኛ ክፍል መዝገብ የሚያነብ ኮደር፣ ማለትም ሐኪሙ የጻፈውን ወደ ኮድ የሚለውጥ ባለሙያ፣ በክረምት ወራት ይህን የመሰለ ታሪክ ደጋግሞ ይገጥመዋል። እዚህ አገር በሜዲካል ኮዲንግ ሙያ ለመሰማራት የሚማሩ ወገኖቼ ስለ ጉዳት ኮዶች ብዙ ይጠይቁኛል፤ ስለዚህ ይህችን ሴት ከወደቀችበት ማለዳ አንሥቶ ሕክምናዋ እስኪያልቅ ተከትለን እያንዳንዱን እርምጃ እናያለን። ቆዳና አጥንት ላይ የደረሰው ምንድን ነው፣ ያደረሰውስ ምንድን ነው የሚሉት ሁለት ጥያቄዎች ለየብቻቸው መልስ ይፈልጋሉ። ጀማሪን የሚያሳስተው ሁለቱን መቀላቀል፣ አለዚያም ማስታወሻው ያላለውን ከራስ መጨመር ነው።

በአሜሪካ የሕክምና ተቋማትና የኢንሹራንስ ድርጅቶች እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 ጀምሮ የሚገለገሉበት የምርመራ ኮድ አይሲዲ-10-ሲኤም ይባላል። መሠረቱ የዓለም ጤና ድርጅት ያወጣው ዓለም አቀፍ የበሽታዎች ምደባ ሲሆን፣ የአሜሪካ መንግሥት ለራሱ አሠራር አስፋፍቶ አዘጋጅቶታል። የጉዳቱ ዓይነት የሚገኘው በ19ኛው ምዕራፍ ነው፤ የዚህ ምዕራፍ ኮዶች በ«ኤስ» ወይም በ«ቲ» ይጀምራሉ። ውጫዊው መንስኤ ደግሞ በ20ኛው ምዕራፍ ተቀምጧል፤ ኮዶቹም በ«ቪ»፣ በ«ደብሊው»፣ በ«ኤክስ» ወይም በ«ዋይ» ይጀምራሉ። በዚህ ጽሑፍ የኮዶቹን የላቲን ፊደላት እንደ አጠራራቸው በፊደላችን ጽፌያቸዋለሁ፤ ለንባብ እንዲቀሉም በመካከላቸው ክፍተት ትቻለሁ። በሥራ ላይ ግን በላቲን ፊደል ያለ ክፍተት ይጻፋሉ።

አንደኛ፦ ማስታወሻውን እስከ መጨረሻው ማንበብ

ኮድ ከመፈለግዎ በፊት ማስታወሻውን አንድ ጊዜ ከላይ እስከ ታች ያንብቡት፤ ከዚያ የጉዳቱን ዓይነት፣ የተጎዳውን የአካል ክፍል፣ ቀኝ ይሁን ግራ፣ አደጋው እንዴት እንደ ደረሰ፣ የት እንደ ደረሰ፣ ሰውየው በዚያ ሰዓት ምን ያደርግ እንደ ነበርና በሥራ ላይ እንደ ነበር ወይም እንዳልነበር ለይተው ያስምሩበት። ከእነዚህ አንዱ ቢጎድል ባዶውን በግምት አይሙሉት። ጉዳዩ የኮዱን ምርጫ የሚለውጥ ከሆነ ለሐኪሙ በጽሑፍ ጥያቄ ይላካል፤ የማይለውጥ ከሆነ የጎደለው እንደ ጎደለ ይቀራል።

በአስተርጓሚ አማካይነት የተወሰደ ታሪክ ሲያነቡ በተለይ ይጠንቀቁ። በአማርኛ «እጄ ተሰበረ» የሚል ሰው ከትከሻው እስከ ጣቱ ድረስ ያለውን የትኛውንም ክፍል ማለቱ ሊሆን ይችላል፤ «እግሬ» ሲልም እንዲሁ ጭኑን፣ ባቱን ወይም የውስጥ እግሩን ማለቱ ይሆናል። በኮድ መጽሐፉ ግን ክርን እና ክንድ አንድ ምድብ፣ የእጅ አንጓ፣ መዳፍና ጣቶች ሌላ ምድብ ናቸው። ሕዝባችን «ወለም አለኝ» እና «ወለቀብኝ» የሚላቸው ሁለት ነገሮችም የተለያዩ ጉዳቶች ናቸው፤ ወለምታ የጅማት መሳሳብ ወይም መቀደድ ነው፣ ውልቃት ግን አጥንቱ ከመጋጠሚያው መውጣቱ ነው። «ወደቅሁ» የሚለውም ቃል ከቆመበት መሬት ላይ የወደቀውን፣ ከደረጃ የወደቀውንና ከመሰላል የወደቀውን ሁሉ እኩል ያቅፋል፤ መጽሐፉ ግን ለእያንዳንዳቸው የተለየ ኮድ አለው። ኮደሩ የሚመሠረተው ሐኪሙ በጻፈው ላይ ነው፤ የታካሚዋ ቃል አንድ አካል፣ ኤክስሬዩ ደግሞ ሌላ አካል የሚጠቅሱ ከሆነ ግን መጠየቅ ተገቢ ነው። አማርኛ የምንናገር ኮደሮች ይህን ልዩነት ከሌላው ሰው ቀድመን ልናስተውል እንችላለን ብዬ አምናለሁ።

ሁለተኛ፦ የጉዳቱን ኮድ ማግኘት

ፍለጋው ከፊደል ተራ ማውጫው ይጀምራል፤ በዚያ አያልቅም። በማውጫው «ስብራት» ከሚለው ዋና ቃል ተነሥተው ወደ «ኮሌስ» ሲወርዱ ኤስ 52.53 የሚለውን ያገኛሉ። ቀጥሎ ዝርዝር ሰንጠረዡን ገልጠው በዚያ ምድብ ሥር የተጻፈውን ማሳሰቢያ ሁሉ ያነባሉ፤ ስድስተኛው ምልክት (መነሻው ፊደልም እንደ አንድ ምልክት ይቆጠራል) 1 ሲሆን ቀኝ፣ 2 ሲሆን ግራ፣ 9 ሲሆን አቅጣጫው ያልተገለጸ መሆኑን የሚያገኙት እዚያ ነው። የታካሚያችን ኮድ እስካሁን ኤስ 52.531 ደርሷል።

የ«ኤስ» ምድቦች የተደረደሩት ከራስ ወደ እግር ነው። ከ00 እስከ 09 ራስ፣ 10ዎቹ አንገት፣ 20ዎቹ ደረት፣ 30ዎቹ ሆድ፣ ወገብና ዳሌ፣ 40ዎቹ ትከሻና የላይኛው ክንድ፣ 50ዎቹ ክርንና ክንድ፣ 60ዎቹ የእጅ አንጓና መዳፍ፣ 70ዎቹ የዳሌ መጋጠሚያና ጭን፣ 80ዎቹ ጉልበትና ባት፣ 90ዎቹ ቁርጭምጭሚትና የውስጥ እግር ናቸው። በየምድቡም የመጨረሻው አኃዝ የጉዳቱን ዓይነት በአመዛኙ ያመለክታል፤ 0 የላይ ላዩን ጉዳት፣ 1 ክፍት ቁስልን፣ 2 ስብራትን፣ 3 ውልቃትና ወለምታን ይነግረናል። ይህን ሥርዓት የያዘ ሰው ኤስ 52 ሲያይ ገና ሳይገልጥ የክንድ ስብራት መሆኑን ያውቃል። ብዙ ጊዜ ሰው የእጅ አንጓ ስብራትን ከ60ዎቹ ሲፈልግ ይደክማል፤ የኮሌስ ስብራት ያለው ግን ራዲየስ በሚባለው የክንድ አጥንት የታችኛው ጫፍ ስለሆነ የሚመደበው ከክንድ ጋር ነው።

ማስታወሻው ስብራቱ ክፍት ይሁን ዝግ ካላለ እንደ ዝግ ይቆጠራል። አጥንቱ ከቦታው መንቀሳቀሱን ወይም አለመንቀሳቀሱን ካላለ እንደ ተንቀሳቀሰ ይቆጠራል። እነዚህ ሁለቱ በይፋዊው መመሪያ የተፈቀዱ ግምቶች ናቸው።

የአጥንት መሳሳት የሚለው ዐረፍተ ነገር በማስታወሻው ውስጥ የገባው ያለ ምክንያት አይደለም። የአጥንት መሳሳት እንዳለባት የታወቀ ታካሚ፣ ጤናማ አጥንትን በተለምዶ በማይሰብር ቀላል አወዳደቅ ብትሰበር የ19ኛው ምዕራፍ ኮድ አይሰጣትም፤ ከ13ኛው ምዕራፍ ኤም 80 የሚለው ምድብ ይወሰዳል፤ ለምሳሌ ከዕድሜ ጋር በመጣ የአጥንት መሳሳት ቀኝ ክንዷ ቢሰበር ኤም 80.031 ኤ ይሆናል። በዕድሜ የገፉ እናቶችን መዝገብ ስታነቡ የቆየውን የሕመም ታሪክ ሳታዩ «ወደቀች» የሚለውን ብቻ ይዛችሁ ወደ ኤስ ምድብ አትሩጡ።

ሦስተኛ፦ ሰባተኛው ምልክት

አብዛኞቹ የጉዳት ኮዶች ሰባት ምልክት ካልሞላቸው ዋጋ የላቸውም። ሰባተኛው ምልክት ሕክምናው የደረሰበትን ደረጃ ይናገራል። ለአብዛኛው ጉዳት ሦስት ናቸው፤ «ኤ» ጉዳቱ ገና በሕክምና ላይ ሳለ፣ «ዲ» ዋናው ሕክምና አብቅቶ ታካሚው በማገገም ላይ ሳለ፣ «ኤስ» ጉዳቱ ድኖ ትቶት ያለፈው እንከን ሲታከም ይሰጣሉ። ለስብራት ዝርዝሩ ይሰፋል፤ ለክንድ ስብራት 16 ምልክቶች አሉ። ለዝግ ስብራት «ኤ»፣ እንደ ክብደቱ ለክፍት ስብራት «ቢ» ወይም «ሲ»፣ በማገገም ላይ ላለ ዝግ ስብራት «ዲ»፣ መዳን ለዘገየበት «ጂ»፣ ላልገጠመ «ኬ»፣ ጠሞ ለገጠመ «ፒ» ይሰጣል።

«ኤ» ማለት የመጀመሪያ ቀን ማለት ነው ብሎ የማያምን ጀማሪ አላየሁም፤ እኔም አምን ነበር። ሥራ በጀመርኩበት ዓመት ክንዱ የተሰበረ ታካሚ በአራተኛው ቀን ለቀዶ ሕክምና ሲመጣ፣ ሁለተኛ ቀጠሮው ስለሆነ «ዲ» ሰጠሁት፤ የክፍያ ጥያቄው ተመልሶ መጣ። ታስተምረኝ የነበረችው ሴት ወረቀቱን ጠረጴዛዬ ላይ ዘርግታ፣ ጣቷን የቀዶ ሕክምናው ዘገባ ላይ አሳርፋ፣ «ይህ ሰው እያገገመ ነው ወይስ ገና እየታከመ?» ብላ ጠየቀችኝ። ከዚያ ወዲህ በእያንዳንዱ መዝገብ ላይ የምጠይቀው ይህንኑ ነው። የድንገተኛ ክፍል ሕክምና፣ ቀዶ ሕክምና፣ በሌላ ሐኪም የሚቀጥል ምርመራና ሕክምና ሁሉ «ኤ» ናቸው፤ ሐኪሙ አዲስ መሆኑ ወይም ቀጠሮው ስንተኛ መሆኑ አይለውጠውም። ጀሶ መቀየር ወይም ማውለቅ፣ አጥንቱ መግጠሙን ለማየት የሚነሣ ኤክስሬይ፣ የመድኃኒት ማስተካከያ ግን «ዲ» ናቸው።

ከዚህ ጋር የሚሄድ፣ ለእኛ ማኅበረሰብ ቅርብ የሆነ ጉዳይ አለ። ኢንሹራንስ የሌለው ሰው ሳምንታት በቤቱ አስታምሞ፣ ወይም አገር ቤት ሳለ በወጌሻ ታሽቶ ኋላ ወደ ሐኪም ይመጣል። ሕክምና ዘግይቶ የፈለገ ታካሚ ምንም ያህል ጊዜ ቢያልፍ ስብራቱ ሲታከም የሚሰጠው የመጀመሪያው ሕክምና ምልክት ነው።

ኮዱ ስድስት ምልክት ሳይሞላ ሰባተኛውን የሚጠይቅ ከሆነ ባዶው ቦታ በ«ኤክስ» ይሞላል። የግራ ጉልበት መበለዝ ኤስ 80.02 ነው፤ አምስት ምልክት ብቻ ስላለው ኤስ 80.02 ኤክስ ኤ ተብሎ ይጻፋል። የስብራቱ ኮድ ግን ስድስቱን ስለሞላ ኤስ 52.531 ኤ ይሆናል። «ኤክስ» ተረስቶ «ኤ» በስድስተኛው ቦታ ላይ ቢገባ ኮዱ በሙሉ ውድቅ ነው።

ጉዳቱ ከአንድ በላይ ሲሆን እያንዳንዱ የራሱን ኮድ ያገኛል፤ ሐኪሙ ይበልጥ ከባድ ነው ያለውና ሕክምናው ያተኮረበት ይቀድማል። የላይ ላዩን ጉዳት ከከባዱ ጋር በአንድ ቦታ ላይ ካለ ግን አይመዘገብም። በዚህም ምክንያት የእጅ አንጓዋ መበለዝ ከስብራቱ ጋር ይዋጣል፤ የጉልበቷ ግን ሌላ ቦታ ስለሆነ ይቆጠራል።

አራተኛ፦ ውጫዊው መንስኤ

የውጫዊ መንስኤ ኮዶች የራሳቸው ማውጫ አላቸው። እዚያ «መውደቅ» ከሚለው ተነሥተው «ደረጃ» ላይ ሲደርሱ ደብሊው 10ን ያያሉ። ብዙ ሰው ይህን ይዞ ይሄዳል። ዝርዝር ሰንጠረዡን የገለጠ ግን በደብሊው 10 ሥር፣ በበረዶ ምክንያት ከደረጃ መውደቅ ከዚህ ምድብ ውጭ መሆኑን የሚያዝ ማሳሰቢያ ያነባል፤ ትክክለኛው ደብሊው 00.1 ነው። አራት ምልክት ብቻ ስላለው ሁለት «ኤክስ» ገብቶለት ደብሊው 00.1 ኤክስ ኤክስ ኤ ይሆናል። ማውጫው በር ነው፣ ውሳኔው ያለው ሰንጠረዡ ውስጥ ነው የምለው ለዚህ ነው።

የዚህ ኮድ ሰባተኛ ምልክት ከጉዳቱ ጋር መስማማት አለበት። የመንስኤ ኮድ ከ«ኤ»፣ «ዲ» እና «ኤስ» ሌላ ምርጫ የለውም፤ ስለዚህ ስብራቱ «ቢ» ወይም «ሲ» ሲሆን መንስኤው «ኤ»፣ ስብራቱ «ጂ»፣ «ኬ» ወይም «ፒ» በሆነበት የማገገሚያ ቀጠሮ ደግሞ መንስኤው «ዲ» ይሆናል።

ቀጥሎ ሦስት ተጨማሪ ኮዶች ይመጣሉ፤ ቦታው ዋይ 92፣ ድርጊቱ ዋይ 93፣ የሰውየው ሁኔታ ዋይ 99። ለብቻው በቆመ መኖሪያ ቤት ወጥ ቤቱ፣ መታጠቢያው፣ መኝታ ቤቱ፣ ጋራዡና ግቢው ሁሉ የየራሳቸው ኮድ አላቸው፤ የደጃፍ ደረጃ ከእነዚህ ከአንዱም ስለማይገባ «ሌላ ቦታ» የሚለው ዋይ 92.018 ይወሰዳል። በእግሯ ትሄድ ስለነበር ድርጊቱ ዋይ 93.01 ነው። ለክፍያ በሚሠራ ሥራ ላይ የተጎዳ ሰው ዋይ 99.0፣ በበጎ ፈቃድ ሥራ ላይ የተጎዳ ዋይ 99.2 ይሰጠዋል፤ ታካሚያችን ግን ወደ ጸሎት ስትሄድ ስለነበር ዋይ 99.8 ይሆናል። እነዚህ ሦስቱ ሰባተኛ ምልክት የላቸውም፤ የሚመዘገቡትም አንድ ጊዜ ብቻ፣ ጉዳቱ መጀመሪያ በታከመበት ዕለት ነው። ማስታወሻው ቦታውን ካልጠቀሰ «ያልተገለጸ ቦታ» የሚለው ዋይ 92.9 ይግባ ማለት አይደለም፤ በዚህ ጊዜ የቦታ ኮድ ጭራሽ አይጻፍም። ለድርጊቱና ለሁኔታውም ደንቡ ይኸው ነው።

እንግዲህ የዕለቱ ዝርዝር በቅደም ተከተሉ ኤስ 52.531 ኤ፣ ኤስ 80.02 ኤክስ ኤ፣ ደብሊው 00.1 ኤክስ ኤክስ ኤ፣ ዋይ 92.018፣ ዋይ 93.01፣ ዋይ 99.8 ነው። የውጫዊ መንስኤ ኮድ ምን ጊዜም በአንደኛ ቦታ ላይ አይቀመጥም።

ሁለት ሌሎች አደጋዎች

አንዲት የምግብ ቤት ሠራተኛ ቡና ስታፈላ ጀበናው ገንፍሎ በቀኝ እጇ ጀርባ ላይ ፈሰሰባት፤ ቆዳዋ ውኃ ቋጠረ፤ ሐኪሙም ሁለተኛ ደረጃ ቃጠሎ ብሎ መዘገበ። ኮዱ ቲ 23.261 ኤ ነው። በአንድ ቦታ ላይ የተለያየ ደረጃ ያለው ቃጠሎ ቢኖር ከፍተኛው ደረጃ ብቻ ይወሰዳል። የተቃጠለው የሰውነት ስፋት ከተገለጸ ቲ 31 ይጨመራል፤ ከ10 በመቶ በታች ከሆነ ቲ 31.0 ነው። መንስኤው ትኩስ መጠጥ ስለሆነ ኤክስ 10.0 ኤክስ ኤክስ ኤ፣ ቦታው ምግብ ቤት ስለሆነ ዋይ 92.511፣ በክፍያ ሥራ ላይ ስለነበረች ዋይ 99.0 ይከተላሉ። ይህ የመጨረሻው ኮድ ቀላል አይደለም፤ ጉዳቱ በሥራ ላይ መድረሱን ስለሚመሰክር ወጪውን የአሠሪው የሠራተኛ ጉዳት ኢንሹራንስ ሊሸፍነው እንደሚገባ ያመለክታል። ሠራተኛዋ የሚገባትን እንዳታጣ ማስታወሻው ውስጥ «በሥራ ላይ» የሚለው መኖሩን ማረጋገጥ የኮደሩ ኃላፊነት አካል ነው።

በመኪና አደጋ ላይ የ«ቪ» ኮዶች የሚጀምሩት ከተጎዳው ሰው ነው፤ ጥፋተኛው ማን ነው የሚለው ቦታ የለውም። እግረኛ ከቪ 00 እስከ 09፣ ብስክሌተኛ 10ዎቹ፣ ሞተረኛ 20ዎቹ፣ ባለ ሦስት እግር ተሽከርካሪ ውስጥ ያለ 30ዎቹ፣ የቤት መኪና ውስጥ ያለ 40ዎቹ ላይ ይገኛል። አዲስ አበባ በባጃጅ ተገልብጦ መጥቶ እዚህ የሚታከም ሰው በ30ዎቹ ይፈለጋል ማለት ነው። ሁለት የቤት መኪናዎች በመንገድ ላይ ቢጋጩ ሾፌሩ ቪ 43.52 ኤክስ ኤ፣ ተሳፋሪው ቪ 43.62 ኤክስ ኤ ያገኛሉ። ግጭቱ በመኪና ማቆሚያ ውስጥ ከነበረ ግን ከሕዝብ መንገድ ውጭ ስለሆነ የሾፌሩ ኮድ ቪ 43.02 ኤክስ ኤ ይሆናል፤ የቦታው ደግሞ ዋይ 92.481። ቦታው ካልተነገረ በመንገድ ላይ እንደ ደረሰ ይወሰዳል።

ጥንቃቄ የሚሻው የሐሳብ ጉዳይ

ጉዳቱ በአጋጣሚ፣ በሌላ ሰው ጥቃት ወይም በራስ እጅ የደረሰ መሆኑ ካልተገለጸ በአጋጣሚ እንደ ደረሰ ይቆጠራል። «ሊታወቅ አልቻለም» የሚለው ኮድ የሚሰጠው ሐኪሙ ራሱ ሊታወቅ እንዳልቻለ ሲጽፍ ብቻ ነው። በሕፃን ወይም በአዋቂ ላይ የተፈጸመ ጥቃት መሆኑ ከተረጋገጠ ቲ 74 ይቀድማል፤ ጉዳቶቹ፣ የጥቃቱ ኮድና ከታወቀ የአድራሹን ዝምድና የሚገልጸው ዋይ 07 ይከተላሉ። የተጠረጠረ ብቻ ከሆነ ቲ 76 ይሰጣል፤ የጥቃትና የአድራሽ ኮድ ግን አይጨመርም። በጥርጣሬና በማረጋገጫ መካከል ያለው ይህ መስመር የሰው ቤትና የሰው ክብር የሚነካ ስለሆነ የሐኪሙን ቃል ቃል በቃል መከተል ያስፈልጋል።

የመመረዝ ኮዶች፣ ከቲ 36 እስከ 50 ያሉት፣ መድኃኒቱንም ሐሳቡንም (በአጋጣሚ ይሁን ሆን ተብሎ) በአንድ ላይ ስለሚይዙ ሌላ የመንስኤ ኮድ አይፈልጉም።

ቀጣዮቹ ወራት

ሴትዮዋ በስድስተኛው ሳምንት ጀሶዋ እንዲወልቅላት ስትመጣ ኤስ 52.531 ዲ እና ደብሊው 00.1 ኤክስ ኤክስ ዲ ይሰጣታል። ቦታው፣ ድርጊቱና ሁኔታው ከእንግዲህ አይደገሙም። ለጉዳት ማገገሚያ በ«ዜድ» የሚጀምሩትን የክትትል ሕክምና ኮዶች መስጠት ስሕተት ነው፤ ያንኑ የጉዳት ኮድ በ«ዲ» መቀጠል ይበቃል።

ከዓመት በኋላ ስብራቱ ድኖ የእጅ አንጓዋ አልታጠፍ ብሎ ብትመጣ የሚቀድመው አሁን ያለው እንከን ነው፤ የቀኝ እጅ አንጓ መገተር ኤም 25.631። ከእርሱ ቀጥሎ ኤስ 52.531 ኤስ፣ በመጨረሻም ደብሊው 00.1 ኤክስ ኤክስ ኤስ ይጻፋሉ። እንጀራ መጋገር ያቃታት እጅ ከየት እንደ መጣ መዝገቡ የሚናገረው በእነዚህ ሁለት ኮዶች ነው።

የውጫዊ መንስኤ ኮድን በመላ አሜሪካ ግዴታ የሚያደርግ አንድ ደንብ የለም፤ ግዴታውን የሚጥሉት አንዳንድ ክፍለ ግዛቶችና ከፋዮች ናቸው። ይፋዊው መመሪያ ግን ግዴታ በሌለበትም በፈቃድ እንዲመዘገብ ያበረታታል፤ ሰው የት እና እንዴት እንደሚጎዳ የሚያሳየው መረጃ የሚሰበሰበው ከዚህ ነውና። የኮድ ዝርዝሩ በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ቀን ይታደሳል፤ በኤፕሪል 1 የሚጨመርም ይኖራል። በተመላላሽ ሕክምና የሚሠራው ሕክምናው በተሰጠበት ቀን፣ ተኝቶ ለታከመ ሰው ደግሞ ከሆስፒታል በወጣበት ቀን በሥራ ላይ የነበረው ዝርዝር ነው፤ በሴፕቴምበር መጨረሻ የታከመን ሰው መዝገብ በኦክቶበር ሲከፍቱ ያለፈውን ዓመት መጽሐፍ ከመደርደሪያው ያውርዱ።